ሽማግሌ የላከው ክለብ

ባለፈው እሑድ ከቤተ ክርስቲያን መልስ፣ ኦክላንድ ቴሌግራፍ ጎዳና ላይ ካለ ማደያ ቆሜ የመኪናዬን ጎማ ነፋስ ስሞላ፣ ከመንገዱ ማዶ አንድ ሰው በስሜ ጠራኝ። ቀና ስል ጋሽ መንገሻ ናቸው። ሙሉ ልብስ ለብሰው ክራባት አስረዋል። አጠገባቸው እትዬ ሮማነወርቅ ነጠላቸውን አጣፍተው፣ ስልካቸውን አንዴ ከጆሯቸው አንዴ ከዓይናቸው እያደረጉ ወዲያና ወዲህ ይላሉ።

ሁለቱንም አስቀድሜ ማስተዋወቅ አለብኝ። ጋሽ መንገሻ ጡረታ የወጡ የመኪና ማቆሚያ ሠራተኛ ናቸው። በሽምግልና የታወቁ ስለሆኑ በዚህ አካባቢ እሳቸው ያልቆሙበት የሐበሻ ጋብቻ ጥቂት ነው። እትዬ ሮማነወርቅ ደግሞ ማንዴይ የሚባለውን የሴቶች እጅ ኳስ ክለብ የመሠረቱ ናቸው። ክለቡ ከዘንድሮ ጀምሮ ለተጫዋቾቹ ደመወዝ ይከፍላል። እኔ እሳቸውን ሳገኝ ዓይኔን የማሳርፍበት ይጠፋኛል። እህቴ ሳሌም በዚያ ክለብ ትጫወት ነበር፤ ተጎድታ ነው የወጣችው።

ጋሽ መንገሻ መንገዱን ተሻግረው መጡና ሥራ እንዳለኝ ጠየቁኝ። ማታ ሺፍት እንደምገባ ነገርኳቸው።

«እንግዲያው እስከ ማታ ሽማግሌ ነህ» አሉኝ።

ነገሩ ወዲያው ተገለጠልኝ። ሳን ሆዜ ለሽምግልና ሊሄዱ ተነሥተው ሳለ ሦስተኛው ሽማግሌ አቶ ሀብተሥላሴ ኦቨርታይም ተጠርተው ቀርተዋል። መኪናውም የአቶ ሀብተሥላሴ ነበር። ዕድሜዬ ለዚህ እንደማይበቃ ለማስረዳት ብሞክር ጋሽ መንገሻ ጎማዬን በጫማቸው ጫፍ መታ መታ እያደረጉ፣ «ሁለት ሆነን ብንሄድ ቤት ሊከራዩ መጡ ነው የሚሉን። ሦስተኛው ሰው ጢም ባይኖረው መኪና ይኑረው» አሉ። እትዬ ሮማነወርቅ ግን እኔ መሆኔን ሲያዩ ፊታቸው ተለወጠ። ሌላ ሰው ቢፈለግ ብለው በለሆሳስ ተናገሩ። ሌላ ሰው አልነበረም፤ ሰዓቱም ሄዷል።

በሀይዌይ 880 ስንነዳ መኪናው ሁሉ ተጣብቆ ቆመ። እትዬ ሮማነወርቅ ከኋላ ተቀምጠው በየጊዜው ሰዓት ይጠይቃሉ፤ ጋሽ መንገሻ ክራባታቸውን ይፈቱና መልሰው ያስራሉ። ያን ጊዜ ነው ጉዳዩን በሙሉ የሰማሁት። አቶ ሳህሌ የሚባሉ የቀድሞ ታክሲ ነጂ ጽናት የምትባል የሃያ ሁለት ዓመት ልጅ አሏቸው። ልጅቱ ከልጅነቷ ጀምሮ እጅ ኳስ የምትጫወት ግራኝ ናት። በእጅ ኳስ ግራኝ ተጫዋች በብዙ ተፈልጎ የማይገኝ ነው። ክለቡ ኮንትራት አቅርቦላታል፤ እስከ ነገ እኩለ ቀን ድረስ ካልፈረመች ቦታው ለሌላ ይሰጣል። በሌላ በኩል ሳንታ ክላራ አንድ መሥሪያ ቤት የቢሮ ሥራ ሰጥቷታል፤ አባቷም ያንን ነው የመረጡላት። ሁለቱን ባንድ ላይ መሥራት አይቻልም፤ ልምምዱ ጧት ነው። ልጅቱ በሕግ ማንንም ሳትጠይቅ መፈረም ትችላለች። ግን «ያለ አባቴ ቃል አልፈርምም» ብላለች።

እትዬ ሮማነወርቅ አቶ ሳህሌን በስልክ ደጋግመው ለምነዋል። ገና «ክለብ» ሲሉ ይዘጉባቸዋል። «ስልክ ይዘጋብኛል፤ ሽማግሌ ግን ከበር አይመልስም» ብለው ጋሽ መንገሻን የያዙት ከዚያ በኋላ ነው። ጋሽ መንገሻም እንደ ልማዳቸው ደውለው «እሑድ ከሰዓት በኋላ ሽማግሌዎች እንመጣለን» አሉ። ጉዳይ በስልክ አይነገርምና ሌላ ቃል አልጨመሩም። ይህን የተነገረው የሴት ልጅ አባት ሳምንቱን ሙሉ ምን ሲያስብ እንደሚከርም ከሦስታችን ማናችንም አላሰብንም።

የገባን ገና በሩ ሲከፈት ነው። ሳሎኑ ተወልውሏል፤ ከጸሎት ቤታቸው የተዋሱት የሚታጠፍ ወንበር በግድግዳው ዙሪያ ተደርድሯል፤ ከኩሽና የወጥ ሽታ ይመጣል። አቶ ሳህሌ በክራባት፣ ባለቤታቸው ወይዘሮ ወንጌላዊት በሐበሻ ቀሚስ ቆመዋል። ከቤቱ ጀርባ ካለው ጋራዥ የኳስ ድምፅ ይሰማል። ይመታል፣ ትንሽ ይቆያል፣ መልሶ ይመታል።

እንድንቀመጥ ጋበዙን። ጋሽ መንገሻ ጉዳያችን ሳይሰማ እንደማንቀመጥ ተናገሩ። አቶ ሳህሌ ይህን ሲሰሙ ፊታቸው በራ፤ የጠበቁት ቃል ነበር። እኔን ግን ከእግር እስከ ራስ አዩኝና የሙሽራው ወንድም መሆኔን ጠየቁ። መልስ ሳላገኝ ጋሽ መንገሻ ቀጠሉ።

«አቶ ሳህሌ፣ ደጅ የጠናነው ልጅዎን ጽናትን ለመጠየቅ ነው። ጌታ ይመስገን፣ ቤትዎ የተከበረ ቤት ነው።»

«ጌታ ይባርካችሁ» አሉ አቶ ሳህሌ። «የልጁ ስም ማን ይባላል?»

ጋሽ መንገሻ ወደ እትዬ ሮማነወርቅ አዩ። እትዬ ሮማነወርቅ ወደ መሬት አዩ።

«ልጅ አይደለም። ክለብ ነው» አሉ ጋሽ መንገሻ።

ወይዘሮ ወንጌላዊት ካጠገባቸው ባለው ወንበር ላይ ተቀመጡ። አቶ ሳህሌ ክራባታቸውን ከአንገታቸው አውልቀው ኪሳቸው ከተቱ። የወንበሮቹን ረድፍ አዩ። ከዚያ ወደ መስኮቱ ሄዱ፤ ተመለሱ፤ እንደገና ሄዱ። ቀጥሎ የተናገሩት ረጅም ነበር፤ ባጭሩ ለማኅበረ ምእመናኑ ሁሉ ልጄ ልትታጭ ነው ብለው መናገራቸውን፣ ወንበሩንም የተዋሱት በዚህ ስም መሆኑን፣ አሁን ምን ብለው እንደሚመልሱት እንደማያውቁ ነው የገለጹት። ለኳስ ሽማግሌ መላክ በሽማግሌ ላይ መቀለድ ነው አሉ። ሴት ሽማግሌም አይተው እንደማያውቁ አከሉበት።

ጋሽ መንገሻ በትሕትና ይቅርታ ጠየቁ። ጥፋቱ የእሳቸው መሆኑን አመኑ፤ ምን ያህል ሴት ልጅ እንደዳሩ ቁጥሩ ስለጠፋባቸው፣ «ሽማግሌ» ሲሉ ሌላው ሰው ምን እንደሚሰማ ማሰብ መተዋቸውን ነገሯቸው። «ሴት ሽማግሌ ግን» አሉ፣ «እኔም አይቼ አላውቅም ነበር። ስንት ሙሽራ ስጠይቅ ኖሬ አንድ ቀን እንኳ የሴቲቱን ነገር የሚያውቅ ሰው ከጎኔ አልቆመም። እንግዲህ ጉዳዩን ሰምተዋል። ቢያስወጡን እንወጣለን፤ ቢያስቀምጡን እንቀመጣለን።»

እዚህ ላይ የአቶ ሳህሌን ጨዋነት ሳላነሣ ማለፍ አልፈልግም። ተቆጥተዋል፣ ተዋርደዋልም። ሆኖም በር ላይ የቆመ ሽማግሌ ሳይሰሙ መመለስ አልሆነላቸውም። ተቀመጡ አሉን። እሳቸው ግን አልተቀመጡም፤ ወገባቸውን በእጃቸው ደግፈው ቆሙ።

«በሽምግልና ከመጣችሁ እንደ ሽምግልናው እጠይቃችኋለሁ» አሉ። «የማን ዘር ነው ይሄ ክለባችሁ?»

በመሳለቅ ነበር የጠየቁት። እትዬ ሮማነወርቅ ግን እንደ ቁም ነገር ተቀብለው መለሱ።

«የክለቡ አያት አንድ የአዲስ አበባ ጨርቃ ጨርቅ ፋብሪካ ነው» ብለው ጀመሩ። በወጣትነታቸው በዚያ ፋብሪካ ሲሠሩ ፋብሪካው የሴቶች እጅ ኳስ ቡድን ነበረው፤ እሳቸውም በረኛ ነበሩ። ቡድኑ ፈረሰ፤ እሳቸውም በሱዳን በኩል ተሰደው ኦክላንድ ደረሱ፤ ሆቴል ውስጥ አልጋ ያነጥፉ ጀመር። አብረዋቸው የሚሠሩት ሐበሾች ሁሉ ወገባቸውን ያማቸዋል። ሆቴል ቅዳሜና እሑድ ስለሚሞላ የዕረፍት ቀናቸው ሰኞ ነው፤ ሰኞ ደግሞ ዘመድ ወዳጅ ሁሉ ሥራ ላይ ነው። በየክፍላቸው ተዘግተው ይተኛሉ። እትዬ ሮማነወርቅ አንድ ሰኞ ኳስ ገዝተው በቤተ ክርስቲያን መኪና ማቆሚያ ላይ ሰበሰቧቸው። ጎሉን በጠመኔ ግድግዳው ላይ ሣሉት። በረጅም ቀሚስ ነበር የሚጫወቱት፤ እየተረገጠ ሲጥላቸው ከሥሩ ሱሪ ለብሰው ቀሚሱን አሳጠሩት፤ በኋላም ቀሚሱን ተዉት። የዲያቆኑን መኪና መስተዋት ሲሰብሩ ከግቢው ወጡና ኤል ሴሪቶ አንድ ትምህርት ቤት ሜዳ ለመኑ። ማንዴይ የተባሉት በዚያች በሰኞ ቀን ምክንያት ነው። ዛሬ ቅዳሜ ቅዳሜ ቢጫወቱም ስሙን አልቀየሩትም።

ከዚያ ሳንታ ክላራ የሚሠሩ የዴንማርክ ሴት መሐንዲሶች ቡድን እንዳላቸው ሰምተው ግጥሚያ ጠየቁ። ክፉኛ ተሸነፉ። ግን ሲያልቅ እትዬ ሮማነወርቅ ወደ አሸናፊዎቹ ሄደው አስተምሩን አሏቸው። ከዓመት በኋላ ሁለቱ ቡድኖች አንድ ሆኑ።

«ከዚህ በፊት አግብቶ ፈትቶ ያውቃል?» አሉ አቶ ሳህሌ፣ አሁንም በመሳለቅ።

«አንድ ጊዜ ፈቷል» አሉ ጋሽ መንገሻ። «ያውም ከራሱ ጋር። ታርቋል።»

ወይዘሮ ወንጌላዊት ሳቃቸውን ለመደበቅ ወደ ኩሽና ተመለከቱ። ነገሩ እውነት ነው። አንድ ውድድር ስቅለት ላይ ዋለ። ኦርቶዶክሶቹ አንጫወትም አሉ፤ የጴንጤዎቹ ልጆች ለምን ይቀራል አሉ፤ የውጭዎቹ ስለ ምን እንደሚጣሉ አልገባቸውም። ቡድኑ የኦክላንድና የሳን ሆዜ ተብሎ ተከፈለ። ሁለቱም ለየብቻቸው ሲሸነፉ ከረሙና ተመልሰው ተቀላቀሉ፤ የማንንም በዓል የማይነካ የጨዋታ ቀን አብረው አወጡ። በወረርሽኙ ጊዜ ሆቴሎቹ ሠራተኛውን ሁሉ ሲያሰናብቱ በየጋራዣቸው ግድግዳ እየመቱ ቆዩ። ከዚያ በኋላ ነው ሊግ የተቋቋመው፤ ባለሀብቶች ገቡ፤ ክለቡ ደመወዝ መክፈል ጀመረ። «በጠመኔ የተሣለው ጎል ነው ዛሬ ልጅዎን የሚጠይቀው» ብለው እትዬ ሮማነወርቅ ጨረሱ።

ከጋራዡ የኳሱ ድምፅ አልተቋረጠም። አቶ ሳህሌ ሲናገሩ መሳለቁ ከድምፃቸው ጠፍቷል።

«እትዬ ሮማነወርቅ፣ ስምዎ የተከበረ ነው፤ የሠሩትም ሥራ ደግ ነው። ግን እርስዎ አልጋ አንጥፈው፣ እኔ መሪ ጨብጬ ያደርነው ሌላ ስላልነበረን ነው። ዕድሜዬን ሙሉ የሠራሁት ይቺ ልጅ ተቀምጣ እንድትሠራ ነው። ወንበር፣ ጠረጴዛ፣ መስኮት ያለው ቢሮ። አገኘችው። እናንተ ደግሞ መልሳችሁ በጉልበቷ ልታሳድሯት መጣችሁ። ጉልበቷ ሲያልቅ ማን ይቀጥራታል?»

ይህ ከባድ ጥያቄ ነው፤ በውስጤ እኔም እውነት አላቸው አልኩ። ብዙ ወላጆቻችን ልጆቻቸውን ከኳስ የሚከለክሉት ኳሱን ጠልተው አይደለም። በገዛ ሰውነታቸው ምን እንደደረሰ ስለሚያውቁ ነው።

እትዬ ሮማነወርቅ በመልስ ፈንታ ወገባቸውን ለምን እንደያዙ ጠየቋቸው። አቶ ሳህሌ ምንም አይደለም አሉ። ያን ጊዜ ወይዘሮ ወንጌላዊት፣ እስካሁን ዝም ያሉት፣ መናገር ጀመሩ። የባለቤታቸው ዲስክ መንሸራተቱን፣ ስኳር እንዳለባቸው፣ ሐኪሙ በየቀኑ እንዲራመዱ ቢያዝም ወተት ለመግዛት እንኳ በመኪና እንደሚሄዱ አንድ ሳያስቀሩ ነገሩን። «ተቀምጦ ነው እንደዚህ የሆነው» አሉ። «መሪ ላይ ተቀምጦ። ቆሞማ አልሠራም።»

«አንቺ ደግሞ ከማን ጋር ነሽ?»

«ከልጄ ጋር» አሉ።

እትዬ ሮማነወርቅ በዝግታ ቀጠሉ። «አቶ ሳህሌ፣ ጉልበት የሚያልቀው በሁለት መንገድ ነው፤ በማይታዘንለት ሥራና በመቀመጥ። እኛ ሰኞ ሰኞ ኳስ መጫወት ከጀመርን ወዲያ ሌሊት መተኛት ቻልን። አንዲቷ ጓደኛችን የደም ግፊት መድኃኒቷን ሐኪሙ ቀነሰላት። ልጅዎ እንደኛ ደክማ የምትጫወት አይደለችም። የምትበላው፣ የምትተኛው፣ የምታርፈው ሁሉ በባለሙያ የታሰበ ነው። ማታ ማታ ትምህርቷን ትቀጥላለች፤ ክፍያው የክለቡ ነው። ቢሮ የትም አይሄድም። ይሄ ዕድሜዋ ግን ይሄዳል።»

አቶ ሳህሌ ስልካቸውን አውጥተው ሰዓት አዩ፤ መልሰው ከተቱ። በመጨረሻ ወንበር ስበው ፊት ለፊቴ ተቀመጡ።

«ሁለቱ ክለባቸውን አመሰገኑ» አሉኝ። «አንተ ግን ከገባህ ጀምሮ ትንፍሽ አላልክም። ሽማግሌ የሙሽራውን ነውር ይደብቃል እንዴ? ንገረኝ። የዚህ ክለብ ነውሩ ምንድን ነው?»

እኔ በሰው ፊት መናገር የማይሆንልኝ ሰው ነኝ። ስምንተኛ ክፍል ላይ ትምህርት ያቆምኩትም ግማሹ ምክንያት በክፍል ፊት ቆሞ ማንበብን መፍራት ነበር። እትዬ ሮማነወርቅን አየኋቸው። እጃቸውን እርስ በርሱ ቆልፈው ይጠብቃሉ። በዓይናቸው ዝም በል አላሉኝም፤ ተናገርም አላሉኝም። ብዋሽ አቶ ሳህሌ ልጃቸውን በውሸት ሊሰጡ ነው። ብናገር ልጅቱ የምትፈልገውን ላሳጣት ነው።

የእህቴን ነገር ተናገርኩ። ሳሌም ዳሊ ሲቲ ላይ በአንድ ግጥሚያ ወድቃ የጉልበቷ ጅማት እንደተበጠሰ፤ ያኔ ክለቡ ኢንሹራንስ እንዳልነበረው፤ የሆቴል ሥራዋን ቆማ መሥራት ስላልቻለች እንዳጣች፤ ጓደኞቿ መጀመሪያ እንደጠየቋት፣ ቀስ በቀስ እንደቀሩ፣ እትዬ ሮማነወርቅ ደግሞ አንድም ቀን እንዳልመጡ። «ጉልበቷ ድኗል» አልኩ። «ደረጃ ስትወርድ ብቻ ታነክሳለች። ጥየቃ ስለቀረባት ግን እስከ ዛሬ ታዝናለች።»

ታሞ አለመጠየቅ በእኛ ዘንድ ምን ማለት እንደሆነ ለአንባቢ አላብራራም። አቶ ሳህሌ ፊታቸውን ወደ እትዬ ሮማነወርቅ አዞሩ።

«እውነት ነው» አሉ እትዬ ሮማነወርቅ። «ኢንሹራንስ የሌለው ቡድን ያጫወትኩ እኔ ነኝ። ልሄድ እነሣለሁ፤ ምን ብዬ እገባለሁ እላለሁ፤ እመለሳለሁ። እንዲህ እያልኩ ጊዜው ረዘመ፤ ሲረዝም ደግሞ ጭራሽ አፈርኩ። የክለቡን ሕግ ስናወጣ መጀመሪያ ያስጻፍኩት የእሷን ነገር ነው። የተጎዳች ደመወዟ አይቆምም። ክለቡን ከለቀቀች በኋላም በጨዋታ የመጣባትን ክለቡ ያሳክማል። ኮንትራቱ ላይ ሰፍሯል። እሷን ግን ሄጄ ይቅርታ አልጠየቅኳትም።»

አቶ ሳህሌ ደውልላት አሉኝ። እህቴ ስልኩን ያነሣችው ዕቃ እያጠበች ነው፤ የውሃው ድምፅ ይሰማል። የት እንዳለሁ፣ ከማን ጋር እንዳለሁና ለምን እንደሆነ ነገርኳት።

«አንተ ሽማግሌ ሆነህ?» አለች። «አንተ? ፒዛ ለማዘዝ እንኳ እኔን የምታስደውለው?»

ስፒከር ላይ ነበረች። ጋሽ መንገሻ ጣራ ጣራውን አዩ። አቶ ሳህሌ ራሳቸውን አስተዋወቁና ሴት ልጅ ብትኖራት ለዚያ ክለብ ትሰጥ እንደሆነ ጠየቋት። ውሃው ተዘጋ።

«ጋሽ ሳህሌ» አለች፣ «በመውደቄ አላዘንኩም። ሲጫወቱ ይወደቃል። የከፋኝ ከወደቅኩ በኋላ ብቻዬን መቅረቴ ነው። አሁን የታመመች አትጣልም ብለው ከጻፉ፣ እርስዎም የጻፉትን ካነበቡ፣ ትጫወት። እኔ ጉልበቴ ቢመለስ ነገ እሄድ ነበር። እትዬ ሮማነወርቅን ግን ይቅርታ በስልክ አልሰማቸውም። ቤቴን ያውቁታል።»

«እመጣለሁ፣ ሳሌሜ» አሉ እትዬ ሮማነወርቅ። ሳሌምም ይምጡ ብላ ዘጋች።

የኳሱ ድምፅ መቼ እንደቆመ አላስተዋልኩም። ጽናት በኋላ በር በኩል ገብታ ኳሷን በብብቷ ይዛ ቆማለች። በሽምግልና ጊዜ ልጅት ካልተጠራች አትገባም፤ እሷ ግን ይህን ልማድ አታውቅም፣ ወይም አውቃ ትታዋለች። አባቷ ኮስተር አሉ። ጋሽ መንገሻ ግን እስካሁን ይህን ሁሉ ስናወራ ልጅቱን አንዲት ነገር እንዳልጠየቅናት በጨዋ ቃል አሳሰቡና ምን እንደምትል ጠየቋት።

«ሰምቻለሁ» አለች በሚቆራረጥ አማርኛ። «ስለ ሳሌም አውቃለሁ። ኮንትራቱን ሦስቴ አንብቤዋለሁ፤ ኤቭሪ ፔጅ።» ከዚያ ወደ አባቷ ዞረች። «አባ፣ ፐርሚሽን ብቻ አይደለም የምፈልገው። ጌም ሲኖር የሁሉም ሰው ፋዘር ይመጣል። አንተ መኪና ውስጥ ትጠብቀኛለህ። አንድ ቀን እንኳ አላየኸኝም። ሳታየኝ ነው ኖ ያልከው።»

አቶ ሳህሌ ልጃቸውን ወደ ልምምድ ሲያመላልሱ መኖራቸውን፣ ከአዳራሹ ውጭ መኪና ውስጥ ሆነው ሬዲዮ ሲሰሙ መጠበቃቸውን ቀስ ብለው አመኑ። የፈሩት ስትወድቅ ማየትን እንደነበር ተናገሩ። ይህን ለባለቤታቸው እንኳ ነግረው አያውቁም ነበር፤ ከወይዘሮ ወንጌላዊት ፊት አወቅኩት።

በዚህ መሐል ስልካቸው ጮኸ። የሚስታቸው ወንድም ደግነት ነው፤ የመታጨቱን ወሬ ከጸሎት ቤት ሰምቶ እንኳን ደስ ያላችሁ ሊል የደወለ። ድምፁ ለሁላችን ይሰማል። አቶ ሳህሌ ተነሥተው በክፍሉ ውስጥ እየተመላለሱ የጠያቂውን ማንነት ነገሩት። ደግነት ሳቀ፤ ከዚያ ተቆጣ፤ ሴት ልጅ ለኳስ ትሰጣለች ወይ አለ። እኛ ስንለው የዋልነውን ሁሉ አቶ ሳህሌ እንደ ገዛ ሐሳባቸው አድርገው ሲያስረዱት ሰማን።

«ስማኝ ደግነት» አሉት። «ሥራ ነው። ደመወዝ አለው፣ ሕክምና አለው፣ ማታ ትምህርት አለው። የኔ ታክሲ ከነዚህ የትኛው ነበረው? ልጅቷ ጤነኛ ሆና ታድጋለች፤ እንደኔና እንዳንተ በአርባ ዓመቷ መድኃኒት አትቆጥርም። ከሌላ አገር ልጅ ጋር አብራ መሥራት ትለምዳለች። ሲያልቅ ቢሮ ትገባለች፤ ቢሮው ምን ይሆናል? ደግሞ የክለቡን ነውር ሳይደብቁ ነግረውኛል። የትኛው ሙሽራ ነው ነውሩን ነግሮህ የሚያውቅ? አንተን ራስህን ስንድርህ ስንቱን ደበቅን።»

አቶ ሳህሌ ይህን ብለው ዘጉ። ስልኩን እንደያዙ ቆመው የተናገሩትን ራሳቸው የሰሙት አሁን ይመስል ነበር።

ከዚያ ሁለት ነገር አስቀመጡ። አንደኛው፣ እትዬ ሮማነወርቅ ዋስ ይሁኑ፤ ልጅቷ ብትታመም ክለቡ ይክፈል፣ እሳቸው ግን በአካል መጥተው ይጠይቁ፤ ወረቀት ሰው አይጠይቅም አሉ። ሁለተኛው፣ ማታውኑ ሳሌም ቤት ይሂዱ። እትዬ ሮማነወርቅ በሁለቱም ተስማሙ። ጽናት ነገ ጧት ስትፈርም አባቷ አብረዋት ሊሄዱ፣ ቅዳሜም አዳራሹ ውስጥ ሊቀመጡ ተስማሙ።

እኔ በዚያ ቀን አንድ ነገር ተማርኩ። ሴት ልጆቻችን ለባል ሲጠየቁ ሽማግሌ ይቆማል፣ ዘር ይቆጠራል፣ ነውር ይመረመራል፣ ዋስ ይጠራል። ለትምህርታቸው፣ ለሥራቸው፣ ለጤናቸው ግን ይህን ያህል የሚደክም የለም። ልማዳችን ክፉ ሆኖ አይደለም፤ ለአንድ ነገር ብቻ ስለምናውለው ነው። አሠሪ ሁሉ እንደ ሙሽራ ቢጠየቅ፣ ልጅቱም እንደ ባለጉዳይ ብትሰማ፣ ስንቱ ወላጅ ከፍርሃት፣ ስንቷ ልጅ ከመሸሽ ትድን ነበር።

ልንወጣ ስንል ጋሽ መንገሻ ያለ ምርቃት እንደማይወጣ አሳሰቡ። ጽናት አባቷ ፊት ጎንበስ አለች። አቶ ሳህሌ ለጋብቻ ያዘጋጁት ምርቃት ነበራቸው፤ «ውለጂ፣ ክበጂ» ብለው ጀመሩና ቆም አሉ። ትንሽ አሰቡ። ከዚያ የልጃቸውን ግራ እጅ ያዙ።

«ጌታ ጉልበትሽን ይጠብቅልሽ» አሉ። «እጅሽ አይዛል። ስትወድቂ የሚያነሣሽ፣ ስትታመሚ የሚጠይቅሽ አትጪ።»

«አሜን» አልን።

እጃቸውን ሊያነሡ ሲሉ እጇ አልለቅም አላቸው። ተጫዋቾች ኳሱ እንዳያመልጣቸው ጣታቸውን የሚቀቡት ሙጫ ነው፤ ጋራዥ ውስጥ ስትወረውር ተቀብታው ነበር። ምንድን ነው ይሄ ብለው ጠየቋት። ለመያዝ ነው አለች። አቶ ሳህሌ አንድ ጊዜ እጃቸውን፣ አንድ ጊዜ ልጃቸውን አዩ፤ ለመላቀቅም አልቸኮሉም።